የመምህር ኤጄታ ክላስተር

አምቦ ከተማ ውስጥ «ክላስተር» የሚለውን ቃል ከመምህር ኤጄታ ፉፋ በፊት የሚያውቅ አልነበረም፤ ከእሱ በኋላ ደግሞ የማያውቅ ጠፋ። ችግሩ ሁሉም እንደ ገባው ማወቁ ነበር። ተማሪዎች አጥር ሥር ሲሰባሰቡ ዘበኛው «ደግሞ ምን ክላስተር ሠርታችሁ ትቆማላችሁ!» ብሎ ይበትናቸዋል። ሻይ ቤት ውስጥ አምስት ሰው አንድ ጠረጴዛ ከከበበ ክላስተር ነው፤ የጉደር አውቶቡስ በር ላይ የሚጋፋውም ክላስተር ነው። መምህሩ ራሱ ብቅ ሲል ደግሞ «ክላስተር መጣ» ይባላል። የክርስትና ስም እንኳ እንዲህ አይጣበቅም።

ቅጽል ስሙ አያናድደውም ነበር። የሚያናድደው የቃሉ አላግባብ መዋል ነው። ሰው መንገድ ላይ አስቁሞ ያርማል። «ይኼ ግርግር ነው፣ ክላስተር አይደለም» ይላል፣ ያችን ሁልጊዜ በጠመኔ የነጣች ጣቱን ቀስሮ። ሚስቱ ድንቅቱ የጤና ጣቢያ ነርስ ናት፤ «አንተ ሰውዬ፣ መጀመሪያ ሰላም ብለኸው በኋላ ብታርመው ምን አለበት?» ትለው ነበር።

ቃሉን ያገኘው በዩኒቨርሲቲ ሳለ ነው። ከውጭ የመጣ አንድ አስተማሪ ሰሌዳው ላይ ሦስት ነጥብ አኖረ፤ ሦስቱን በመስመር አያይዞ ሦስት ማዕዘን ሠራና «እነዚህ ብረቶች እርስ በርሳቸው ተያይዘዋል» ሲል ኤጄታ እስክሪብቶውን አስቀመጠ። እስከዚያ ቀን ድረስ በአንድ ሞለኪውል ውስጥ ብረት ከሌላ ነገር ጋር እንጂ ከብረት ጋር ይጣመራል ብሎ አስቦ አያውቅም። ዕድሜዬን እዚህ ላይ አሳልፋለሁ አለ። ከዚያ አብዮቱ መጣ፣ ዘመቻው ተከተለ፣ ዩኒቨርሲቲው ተዘጋ። ሲከፈት ዲግሪውን እንደምንም ጨርሶ አምቦ ተመደበ። የሚወደውን ነገር የሚሠራበት ላቦራቶሪ የለም። ስለዚህ ጭቃ እየደበለበለ፣ በቀርከሃ ስንጥር እያያያዘ ለተማሪ ማሳየት ጀመረ። በመማሪያ መጽሐፉ ውስጥ የለም፤ እሱ ግን በየዓመቱ አንድ ክፍለ ጊዜ ይሰርቅለት ነበር።

«ልብ አድርጉ» ይላቸዋል። «የብረት አተሞች ሦስትም ሆኑ አራት፣ ከዚያም ቢበዙ፣ በመካከላቸው ሌላ አስታራቂ ሳያስፈልግ በቀጥታ እርስ በርሳቸው ከተያያዙ፣ ያ ክላስተር ይባላል። በዙሪያቸው ሌሎች አተሞች ሊኖሩ ይችላሉ፤ ይኖራሉም። ግን አንድ ላይ ያቆያቸው የከበባቸው ነገር ብቻ ከሆነ፣ ብረት ብረትን ካልያዘ፣ የፈለገውን ያህል ቢቀራረቡ ክላስተር ብላችሁ እንዳትጠሩት።» ፈተና ላይ «ክላስተር ማለት የብረት አተሞች ስብስብ ነው» ብሎ የሚጽፍ ተማሪ ዜሮ ያገኛል። ግማሽ ነጥብ እንኳ ይስጡን ብለው ሲለምኑት «ግማሽ ትርጉም ከውሸት ይብሳል፤ ውሸትንስ ሰው ይጠረጥረዋል» ይላቸዋል። ለቃል እንዲህ የሚጠነቀቅ ሰው ነበር። ሐዘኑም የመጣው ከዚሁ ሰው አፍ ነው።

አባቱ ኦቦ ፉፋ የሚኖሩት ባኮ ገጠር ውስጥ፣ ከጊቤ ገባሮች በአንዱ አጠገብ፣ ጉብታ ላይ ነበር። የባኮ ቆላ ወባ አለው። የአገሩ ሰው ቤቱን ነፋስ ከሚያገኘው ጉብታ ላይ ሠርቶ ሜዳውን ለበቆሎ የሚተወው በዚህ ምክንያት ነው። ከጅረቱ ማዶ፣ ትይዩው ጉብታ ላይ ደግሞ ኦቦ ነገራ ይኖራሉ። ሁለቱ ሽማግሌዎች በየማለዳው ከየደጃቸው ቆመው እንዴት አደርክ፣ ደህና፣ አንተስ ለመባባል ይጠራራሉ።

«ፉፋ! አካም ቡልቴ?»

«ነጋ! አቲ ሆ?»

አንዱ ዘግይቶ ከመለሰ ሌላው ጅረቱን ተሻግሮ ይመጣል። ለእያንዳንዳቸው አንድ አንድ በሬ ነበራቸው፤ የፉፋ ግራጫ ነው፣ ዳሌቻ ይባላል፤ የነገራ ጥቁር ነው፣ ጉራቻ። በመቀናጆ ያርሳሉ፤ ዛሬ የአንዱን ማሳ፣ ነገ የሌላውን። ከእነዚህ በፊት የነበሩት በሬዎችም እንዲሁ በአንድ ቀንበር ተጠምደው ነው ያረጁት። የኤጄታ እናት ስትሞት መቃብሯን የቆፈሩት ነገራ ናቸው። የነገራ ልጅ በወባ ስትንቀጠቀጥ በጀርባቸው አዝለው ባኮ ያደረሷት ፉፋ ናቸው። ማን ለማን ምን እንዳደረገ የሚቆጥር ግን አልነበረም።

በሰባ ስምንት ዓ.ም. የመንደር ምሥረታው ዘመቻ እነሱም ዘንድ ደረሰ። ገበሬ ከእንግዲህ በየጉብታው ተበታትኖ አይኖርም፤ ቤቱን አፍርሶ፣ ሜዳ ላይ በገመድ በተለካ መስመር ይተክላል ተባለ። ጅረቱ የሁለት ገበሬ ማኅበራት ወሰን ነበር። ስለዚህ ፉፋ መንገድ ዳር ወዳለው የሜዳ መንደር፣ ነገራ ደግሞ ከኮረብታው ጀርባ ወዳለው ሌላ መንደር ተደለደሉ። በሁለቱ መካከል በእግር የሁለት ሰዓት መንገድ ነው።

«ነገራ ከሌለ ዳሌቻን ከማን ጋር ልጠምደው ነው?» አሉ ኦቦ ፉፋ። ሌላ ክርክር አልነበራቸውም። ግን የሚከበሩ ሰው ስለነበሩ የአካባቢው ገበሬ ሁሉ የእሳቸውን ጎጆ እያየ መቀመጥ ጀመረ። እሳቸው ካልነቀሉ የሚነቅል የለም።

ይኼኔ ነው ወሰኑ የሚባለው ካድሬ አምቦ ድረስ የመጣው። በተማሪዎቹ ዘመቻ ጊዜ ከኤጄታ ጋር አንድ ጣቢያ ነበሩ፤ ክፉ የሚባል ሰውም አልነበረም። ከትምህርት ቤቱ በር ላይ አገኘው።

«አባትህ እምቢ ብለዋል።»

«ሽማግሌ ናቸው፤ ተዋቸው።»

«እኔ ብተዋቸው ከእኔ በላይ ያለው አይተዋቸውም። በግድ ከሚነሱ በፈቃዳቸው ቢነሱ አይሻልም? ያቺን የብረቷን ነገር ስብሰባው ላይ ንገርልኝ እስቲ፣ ክላስተሯን። ደስ ትላለች አንተ ስትነግራት፤ ሕዝቡም ይሰማሃል።» ከዚያም «የምሥራቅ ጀርመኑ የትምህርት ዕድል ነገር እኛ ዘንድ ቀርቧል። ስምህ አለበት» ብሎ ጨመረ።

ኤጄታ በዚያ ምሽት ለድንቅቱ ሁሉንም ነገራት። «ሂድ» አለችው። «ሂድና ከፈለጉ እኛ ዘንድ ይምጡ በላቸው። ከዚያ ሌላ ግን ምንም አትናገር።» እሺ አላት። እውነትም እሺ ያለ መስሎት ነበር።

ስብሰባው ከጅረቱ ዳር ካለው ዋርካ ሥር ሆነ፤ የሁለቱም ማኅበራት ሰው ተጠርቷል። ባለሥልጣናቱ በአማርኛ ተናገሩ፣ አስተርጓሚው ተረጎመ፣ ገበሬው መሬት መሬቱን አየ። ከዚያ ኤጄታ ተነሳ። የተናገረው በኦሮምኛ ነው፤ የፉፋ ልጅ ነው፤ ሰው ቀና አለ። ከጅረቱ ዳር ያመጣውን ጭቃ እያድበለበለ መሬት ላይ በተናቸው። «እነዚህ ብረቶች ናቸው። ለየብቻ ሆነው ምንም አይደሉም» አለ። ከዚያ ሰብስቦ በመዳፉ ላይ አደረጋቸው። «እንዲህ ሲሆኑ ግን አዲስ ነገር ይወጣቸዋል፤ የማይሠሩትን ይሠራሉ። ክላስተር ይባላል። ሊቃውንት መርምረው ያረጋገጡት ነው።» ከኋላ የነበረው ሰው ለማየት ተጠጋ፤ ሴቶቹ ሳይቀሩ መጡ። ኤጄታ ክፍል ውስጥ ያለ እስኪመስለው ድረስ ሞቀው።

ኦቦ ነገራ በትራቸውን ከፍ አደረጉ።

«ልጄ፣ ድንቅ ነገር ነው። እንዳይለያዩ ታዲያ ምን ይይዛቸዋል?»

ኤጄታ መልሱን በየዓመቱ ሰሌዳ ላይ ይጽፈዋል። እርስ በርሳቸው ይያያዛሉ፤ የከበባቸው ነገር ብቻ ከሆነ የያዛቸው ክላስተር አይባልም። ይህን ካለ ግን ሽማግሌው ቀጥለው የሚጠይቁት ግልጽ ነው፤ እኛን ታዲያ ማን ከማን ጋር አያያዘን ሊሉ ነው። ወሰኑ ከጎኑ ቆሞ ያየዋል። አባቴ በፈቃዳቸው ካልሄዱ በዱላ ይወሰዳሉ ብሎ አሰበ፤ ይህ እውነት ነው። ምሥራቅ ጀርመንም በዓይኑ ውል አለችበት፤ ይህም እውነት ነው።

«መሰብሰባቸው» አለ። «መሰብሰባቸው ራሱ ይይዛቸዋል።»

ካፍ የወጣ አፋፍ ይባላል። ኦቦ ነገራ ጭቃውን አዩ፣ ኤጄታን አዩ፣ በትራቸውን አወረዱ። ከዚያ ኦቦ ፉፋ ከተቀመጡበት ተነሱ። ፊታቸው በኩራት ያበራ ነበር። «ልጄ የብረትን ሆድ አይቷል» አሉ። «እሱ ይይዛል ካለ እሄዳለሁ።» እሳቸው ሲነሱ ሌላው ሁሉ ተነሳ። ወሰኑ የኤጄታን ትከሻ መታ መታ አደረገው።

የፉፋን ጎጆ ያፈረሱት ኦቦ ነገራ ናቸው፤ ሰው በሙሉ የራሱን ሲነቅል ከማዶ ተሻግረው መጡ። ሣሩን አወረዱ፣ ማገሩን ፈቱ፣ መሐል ምሰሶውን ከፉፋ ጋር ተሸክመው ሜዳው ድረስ ወረዱና ጉድጓዱ ውስጥ እስኪቆም ያዙላቸው። ከዚያ የራሳቸውን ሊያፈርሱ ተመለሱ። እየሄዱ አንድ ጊዜ ዞር ብለው እጃቸውን አነሱ። ኦቦ ፉፋም አነሱ።

መንደሩ ከመኪና መንገድ ሲያዩት ያምር ነበር፤ ቤቱ ሁሉ በሰልፍ ቆሟል። ጎብኚ ይመጣል፣ ፎቶ ይነሳል። ኦቦ ፉፋ የልጃቸውን ቃል ለመፈጸም ያላደረጉት የለም። ማለዳ ማለዳ በመስመሩ ከዳር እስከ ዳር እየሄዱ በየደጁ «አካም ቡልቴ» ይላሉ። ሰው ይመልስላቸዋል፤ ግን ማን የማንን ወሬ ለማን እንደሚያቀብል ስለማይታወቅ መልሱ አጭር ነው። በግራ በኩል ያለው ጎረቤታቸው አንድ በሬ ነበረው፤ እንቀናጅ ብለው ተስማሙ። የበሬ ነገር እንደ ሰልፍ በትእዛዝ አይሆንም። ዳሌቻ በቀኝ በኩል መጠመድ የለመደ ነው፤ የሰውዬውም በሬ የቀኝ ነው። አንዱን በግራ ሲያስገቡት ፈሩ ይጣመማል፣ ቀንበሩ ይሾልካል። የዘር ጊዜ ሊያልፍ ሆነ። ስለዚህ ኦቦ ፉፋ ጎህ ሳይቀድ ዳሌቻን እየነዱ፣ ሜዳውን አቋርጠው፣ ጅረቱን ተሻግረው፣ ነገራ ዘንድ ይሄዱ ጀመር። አንዳንዴ ነገራ ጉራቻን ይዘው ይመጣሉ። ክረምቱ ሲገባ ጅረቱ ሞላ፣ ሜዳው ውሃ ተኛበት፣ ትንኙ በዛ።

ኤጄታ አባቱ ዘንድ መሄድ እየቀነሰ መጣ። ለድንቅቱ ሥራ በዛብኝ ይላታል። ሥራው አልነበረም የበዛበት። ያንን ሰልፍ ማየት ነበር ያቃተው፤ ምንም ያልያዘውን ሰልፍ ክላስተር ብሎ የጠራው እሱ ነው።

በሰባ ዘጠኝ ነሐሴ ድንቅቱ የወባ መድኃኒቱን ክሎሮኪን አስይዛ በግድ ላከችው። አባቱን እኩለ ቀን ላይ ደጃፋቸው፣ ፀሐይ ላይ ተቀምጠው፣ ጋቢያቸውን እስከ አፍንጫቸው ተከናንበው አገኛቸው። ጥርሳቸው ይንቀጫቀጫል።

«አባ ኮ፣ አሞዎታል።»

«ብርድ ነው።»

«በዚህ ፀሐይ? ተነሱ፣ አምቦ እንሂድ። ድንቅቱ አልጋ አዘጋጅታለች።»

«አይሆንም፤ እዚሁ እሆናለሁ።»

«ለምን?»

ኦቦ ፉፋ መስመሩን ከዳር እስከ ዳር አዩት። «ገና ነው እኮ፣ ጊዜ ይፈልጋል» አሉ። «ይይዛል። አንተ ታውቀዋለህ።»

መናገር የነበረበት ያኔ ነው። ሰው አልነበረም፤ ወሰኑ የለም፣ ስብሰባ የለም፤ ምሥራቅ ጀርመንም ለሌላ ሰው ተሰጥታ አልቃለች። ኤጄታ አፉን ከፈተ። አባቱ በትኩሳት በቀላ ዓይናቸው፣ በዚያው በድሮው ኩራት ያዩታል። «ሻይ ላፍላልዎት» አለ። ሻዩን አፈላ፣ ክሎሮኪኑን አጠጣቸው፣ በማግስቱ የጭነት መኪና ላይ ተሳፍሮ ወደ ሥራው ተመለሰ። ለድንቅቱ «እምቢ አሉኝ» አላት። እሷ ግን አልተወችውም። «ተሸክመህ አታመጣቸውም ነበር?» አለችው።

ኦቦ ፉፋ በመስከረም አረፉ። ኤጄታ የደረሰው ለአፈሩ ነው። ጸሎት ቤታቸው በመንግሥት ታሽጎ ስለነበር ሰዉ መዝሙሩን በዝግታ ዘመረ። የቀበሯቸውም ሜዳው ላይ ነው። ኦቦ ነገራ ከመቃብሩ ራስጌ ቆመው ነበር፤ ከቀብሩ በኋላ ዳሌቻን ፈተው ወደ ማዶ ይዘውት ሄዱ፤ ኤጄታም ይውሰዱት አለ።

ከዚያ ወዲያ መምህር ኤጄታ ያንን ክፍለ ጊዜ መስረቅ አቆመ። ተማሪዎቹ ቢጠይቁት «በመጽሐፉ የለም» ይላል። መንገድ ላይ ቃሉን እንዳሻው የሚጠራ ቢሰማ አያርምም፤ ራሱን ዝቅ አድርጎ ያልፋል። የአምቦ ሰው መጀመሪያ አሾፈበት፣ በኋላ ግን አዘነለት። ድንቅቱም ስለ አባቱ መናገር ትታ፣ ሌሊት ሲገላበጥ ስትሰማ እጇን ትከሻው ላይ ታደርግለት ጀመር።

በሰማንያ ሁለት የካቲት መንግሥት ፖሊሲውን ለወጠና ገበሬው እንዳሻው ይሁን ተባለ። ያ በገመድ የተለካ መንደር ለመፍረስ ሳምንታት አልፈጀበትም። ሰው ምሰሶውን ነቅሎ፣ ማገሩን ተሸክሞ ወደየጉብታው ወጣ። ኤጄታ ወሬውን የሰማው አስተማሪዎች ክፍል ውስጥ ነው። ባልደረቦቹ ቀድሞ ፈርተው ያልተናገሩትን ሁሉ አሁን እየተናገሩ ነበር፤ ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ። ኤጄታ ወጥቶ ሄደ።

በዚያው ዓመት ግንቦት ባኮ ወረደ። ኦቦ ነገራ ወደ ቀድሞ ቦታቸው ተመልሰው፣ ዳሌቻንና ጉራቻን ጠምደው ሲያርሱ አገኛቸው። በጣም አርጅተዋል። በሬዎቹን አቁመው አጠገቡ ተቀመጡ። ከማዶ ያለው ጉብታ ባዶውን ነው፤ የአባቱ ቤት የነበረበት ቦታ ሣር በቅሎበታል።

«ኦቦ ነገራ» አለ ኤጄታ፣ «ስደቡኝ። ስደቡኝና ይውጣልኝ።»

«ለምን እሰድብሃለሁ? አባትህ ራሱ አንድ ቀን ባንተ ላይ ክፉ አላናገረኝም።» ሽማግሌው እጃቸው ላይ የደረቀውን አፈር አራገፉ። «በዚያ በመጨረሻው ክረምት ለመንኩት። አምቦ ሂድ፣ ምራትህ የጤና ሰው ናት፣ ታድንሃለች አልኩት። ምን አለኝ መሰለህ? እኔ ከሄድኩ የመምህሩ አባት ሸሸ ይባላል፣ ልጄን ውሸታም አደርገዋለሁ አለኝ። ሌላው ሰውማ ተሰብስቧል አለኝ። እንዳይይዝ ያበላሸሁት እኔ ነኝ፤ ልቤ ነገራ ዘንድ ስለቀረ ነው አለኝ። ኤጄታ እንዳይሰማ፣ አባቴ አሳፈረኝ ይላል ብሎ አስማለኝ። አሁን እንግዲህ የለም፤ ብነግርህ ምን ይሆናል?»

ኤጄታ አለቀሰ። እንደ ልጅ ድምፅ አውጥቶ አለቀሰ፤ ኦቦ ነገራም እስኪበቃው ተዉት።

«እሳቸው አላበላሹም» አለ መናገር ሲችል። «ያን ቀን እርስዎ ምን ይይዛቸዋል ብለው ጠይቀውኝ ነበር። መሰብሰብ አይይዝም። እርስ በርስ ካልተያያዙ ሌላ የሚይዛቸው የለም፤ ክላስተርም አይባልም። ያልተበላሸውስ ከእርስዎ ጋር የነበራቸው ነው፤ የያዛችሁት እናንተ ሁለታችሁ ነበራችሁ። አውቅ ነበር። በየዓመቱ አስተምረው ነበር።»

ኦቦ ነገራ እስከ መጨረሻው ሰሙት። በፊታቸው ላይ ቁጣ አልነበረም፤ ቁጣ ቢሆን ለኤጄታ ይቀለው ነበር።

«ይኼን እኮ ለእሱ ነበር መንገር» አሉ።

ከዚያ በትራቸውን ተደግፈው ተነሱና ወደ በሬዎቹ ሄዱ።